አራት እኔ፣ አንድ ረኒም

ሰኞ፣ ማርች 4

የሂሳብ አስተማሪዋ ላላ ፈውዚያ ከደረጃ ላይ ወድቃ ዳሌዋ ተሰብሯል፤ አላህ ይማራት። ዳይሬክተሩ ሲ ፋዲል በእረፍት ሰዓት ቢሮው ጠርቶኝ፣ "ሲ በሺር፣ ስድስተኛ ክፍል ያለ ሂሳብ አስተማሪ ቀረ። አረብኛቸውን የያዝከው አንተ ነህ፣ ልጆቹንም ታውቃቸዋለህ። እስከ ጁን ሂሳቡንም ያዝልኝ" አለኝ።

"ችግር የለም" አልኩት።

ሠላሳ አንድ ዓመት አረብኛ አስተምሬያለሁ። ሂሳብ ደግሞ ያለው አሥር ምልክት ብቻ ነው። ጁን ላይ ወደ ልዩው ኮሌጅ፣ ጎበዞቹ ከሰባተኛ ክፍል ጀምሮ ወደሚማሩበት ትምህርት ቤት፣ የሚያስገባው ፈተና አለ፤ በአማካይ ከሃያ አሥራ አምስት ያላመጣ አይገባም። ከመጽሐፉ የቀረው ዋና ነገር ጥምርታ ነው። ገልጬ አየሁት። ሁሉም ዓረፍተ ነገር ነው። ዓረፍተ ነገር እኔን አያስፈራኝም።

ረቡዕ፣ ማርች 6

የመጀመሪያው ትምህርት። "ሦስት ኪሎ ዱቄት ስድስት ዳቦ ይወጣዋል፤ ለአሥራ አራት ዳቦ ስንት ኪሎ ያስፈልጋል?" ዘዴዬን አስረዳኋቸው፤ "ለእያንዳንዱ" የሚል ቃል ካለበት ይካፈላል፣ ከሌለበት ይባዛል፣ የተረፈው ቁጥር ደግሞ እንደሁኔታው። አሥራ አራትን በስድስት አባዝቼ ለሦስት አካፈልኩ። ሃያ ስምንት ኪሎ ወጣ። ቆንጆ ቁጥር ነው፣ ምንም ትራፊ የለውም።

ከኋላ ረኒም እጇን አወጣች። ረኒም የመብሩክ ልጅ ናት፤ ከአትክልት ቦታዎቹ በኩል፣ ሰባት ኪሎ ሜትር ያህል በአውቶቡስ የምትመጣ ቀጭን ልጅ።

"ሲዲ" አለች፣ ልጆቹ ሁሉ አስተማሪን እንደሚጠሩት፣ "እንደዚያ ከሆነ አንዱ ዳቦ ሁለት ኪሎ ሊመዝን ነው።"

"ማን እንደሚነቃ ለማየት ነው እንዲህ የጻፍኩት" አልኳት። "ነይ ውጪና ለጓደኞችሽ አሳያቸው።"

ወጥታ አሳየች። ሰባት ኪሎ ነው።

ቅዳሜ፣ ማርች 9

የመምህሩ መምሪያ ላላ ፈውዚያ ቤት ነው ያለው። መልሶቹ በሙሉ እሱ ላይ አሉ። ልጠይቃት ሄድኩ፤ ስለ ዳሌዋ ተጨዋወትን። መምሪያውን አላነሳሁባትም። የታመመ ሰው በሥራ ጉዳይ ማስቸገር ነውር ነው።

ሐሙስ፣ ማርች 14

አዲስ የማስተማሪያ ዘዴ ጀምሬያለሁ። ጥያቄውን እኔ አነባለሁ፣ ረኒም ሰሌዳው ላይ ትሠራለች፣ እኔ እሷ ቦታ ከኋላ ተቀምጬ እታዘባለሁ። ተማሪ ከተማሪ ሲማር ይገባዋል። የምትጽፈውን በደብተሬ እገለብጣለሁ፤ ለምዘና እንዲረዳኝ ነው።

ክፍሉ ፀጥ ያለ ነው። አንድም ልጅ እኔን ጥያቄ አይጠይቀኝም። ይህ የሚሆነው ትምህርቱ ግልጽ ሲሆን ነው።

ሰዓቱ ስላልበቃን የአረብኛውን ክፍለ ጊዜ ለሂሳብ ወሰድኩት። አረብኛ የትም አይሄድባቸውም።

እሑድ፣ ማርች 24

የዕረፍት ሳምንት። የመራራው ብርቱካን አበባ ፈነዳ፤ ሽታው ሰፈሩን በሙሉ አውዶታል። ዘኪያ የአበባ ውሃ የምታወጣበትን የመዳብ ድስት አውርዳ በሎሚና በጨው እያሸች፣ "እህቴ ሰባት ጠርሙስ አዛኛለች። ከአንድ ወዝና ሁለት ጠርሙስ ነው የሚወጣው። ስንት ወዝና አበባ ልግዛ?" አለችኝ። ወዝና አራት ኪሎ ነው።

ወረቀት ልፈልግ ስነሳ፣ "ተወው፣ ሦስት ተኩል ነው" አለች።

"ታዲያ ሦስት ተኩል ግዢ።"

"ግማሽ ወዝና ድስት ውስጥ ገብቶ አያውቅም። ያራል። አራት እገዛለሁ፣ አንዷ ጠርሙስ ለእኛ ትተርፋለች።"

ዘኪያ የተማረችው እስከ አምስተኛ ክፍል ነው። ባለቤቴ ስለሆነች ፊቷ አላደነቅኳትም።

ማክሰኞ፣ ኤፕሪል 2

ትምህርት ትናንት ተከፈተ። ረኒም ትናንትም ዛሬም የለችም።

ጥያቄውን አነበብኩና፣ "ማን ይውጣ?" አልኩ። ሃያ ስድስት ልጆች አንድ ላይ ዞረው ባዶውን መቀመጫ አዩት። ትንሽ ቆይቶ እስከንደር የሚባለው፣ ዘወትር የሚያስቀው ልጅ፣ ሳይስቅ፣ "ሲዲ፣ ረኒም እስክትመለስ ለምን ግስ አንማርም?" አለ። ሌሎቹም "አዎ ሲዲ፣ ግስ፣ ግስ" አሉ።

ልጆች ሰዋስው እንዲህ ሲወዱ በሠላሳ አንድ ዓመት ሥራዬ ገና አሁን ማየቴ ነው።

ረቡዕ፣ ኤፕሪል 3

የለችም። አበባ እየለቀመች ነው አሉ።

ዓርብ፣ ኤፕሪል 5

አልመጣችም። የልጅ የመማር መብት ቀልድ አይደለም። ይህን የምለው በመርህ ደረጃ ነው። ዛሬ ሁለት ጥያቄ ሰሌዳ ላይ ጽፌ ሁለቱንም "ለቤት ሥራ" ብዬ አጠፋኋቸው። እሑድ ሄጄ አባቷን አነጋግራለሁ።

እሑድ፣ ኤፕሪል 7

ይህ በደንብ መጻፍ ያለበት ቀን ስለሆነ ሻዬን ይዤ ተቀምጫለሁ።

ገና ሳይነጋ ሞተሬን አስነስቼ ሄድኩ። ከዛፎቹ ሥር ነጭ አንሶላ ተዘርግቷል፤ ሴቶቹ መሰላል ላይ ናቸው፤ ረኒም ከሁሉም ከፍ ባለው ላይ። እኔን ስታይ ፊቷን ወደ ቅጠሉ መለሰች። መብሩክ ሚዛኑን ቅርንጫፍ ላይ እየሰቀለ ነበር።

"እንኳን ደህና መጡ፣ ሲ በሺር። አበባ ፈልገው ነው?"

"ልጅህን ፈልጌ ነው። ፈተና አለባት።"

"እዚህም ሥራ አለባት። አውቶቡሱ በአሥራ ሁለት ተኩል ነው የሚሄደው፣ አበባው የሚለቀመው እስከ አራት ሰዓት ነው። አንዱን ነው የምትችለው።"

"ለማለፍ መማር አለባት" አልኩት።

"ለመብላት መልቀም አለባት" አለኝ፣ ሳይቆጣ። "ስሙኝ። ልዩው ኮሌጅ ከገባች ትማር፤ ከዕድሏ ጋር አልጣላም። ካልገባች ግን በቃ፣ ከእኛ ጋር ትሠራለች። እኔም በአበባ ጊዜ ነው ከአራተኛ ክፍል የቀረሁት። ያን ጊዜ የመጣ ሰው አልነበረም።"

"የማን ክፍል ነበርክ?"

"የእርስዎ" አለ።

አላስታወስኩትም። ደጋግሜ ፊቱን አየሁት፤ አላስታወስኩትም። የድሮውን መዝገብ ነገ አያለሁ።

"በእሷ ፋንታ እኔ ልልቀም" አልኩት። ሴቶቹ መሰላል ላይ ሆነው ሳቁ። መብሩክ ግን አልሳቀም። "ረኒም በጠዋት አንድ ወዝና ተኩል ትለቅማለች፣ ስድስት ኪሎ። እስቲ የእርስዎን እንየው" አለና መሰላል አቆመልኝ። እሑድ ቢሆንም፣ ክፍል እንደሚጠብቀው ሰው፣ እስከ አንድ ሰዓት ተኩል ለቀምኩ። ቅጠሉን ሳይነኩ እምቡጡን ብቻ በሁለት ጣት መቀንጠስ ነው። ሚዛን ላይ ሲወጣ አንድ ኪሎ ተኩል ሆነ፣ ከዚያም ላይ ቅጠል ተነሥቶለት።

መብሩክ ሚዛኑን አየና፣ "እንግዲህ አራት እርስዎ አንድ ረኒም ነዎት" አለ።

"እሺ።"

"አበባው ሊያልቅ አሥራ ሁለት ጠዋት ይቀራል። አሥራ ሁለቱንም ትምህርት ቤት ትሂድ። ለእያንዳንዱ ቀኗ የሚሆነውን እርስዎ ይልቀሙ። ስንት ጠዋት ይመጣሉ?"

ሁሉም ያየኛል። ረኒምም ታየኛለች። "ለእያንዳንዱ" ብሏል፣ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። አሥራ ሁለትን ለአራት አካፈልኩ።

"ሦስት ጠዋት" አልኩት።

"ሦስት?"

"ሦስት።"

ሚዛኑን አየ፣ እኔን አየ፣ ዞሮ ልጁን አየ። ከዚያ እጁን ዘረጋልኝ። "እርስዎ ካሉ" አለ። ነገ ረኒም ትምህርት ቤት ትመጣለች። በጣም በቀላል ዋጋ ነው የጨረስኩት ብዬ እየዘፈንኩ ተመለስኩ።

ያው እሑድ፣ ከእራት በኋላ

ለዘኪያ ነገርኳት። ማንኪያዋን አስቀመጠች።

"አንድ ቀኗ አራት ጠዋትህ ነው አይደል?"

"አዎ።"

"ሁለት ቀኗስ?"

"ስምንት።"

"አሥራ ሁለት ቀኗስ?"

ወረቀት ልፈልግ ተነሳሁ።

"አርባ ስምንት ነው፣ በሺር። በሰውየው ላይ አሥራ ስድስት እጥፍ ነው ያጎደልክበት። ያላዋቂ ሳሚ የሚባለው አንተ ነህ።"

ሰውየውን ልፈትነው ብዬ ነው አልኳት። ሳህኔን አነሳችው። ጨርሼ አልነበረም።

ሰኞ፣ ኤፕሪል 8

ለቀምኩ። 1.5። ረኒም ክፍል ውስጥ አለች። ሰሌዳ ላይ አላወጣኋትም። ለምን እንደሆነ አላውቅም።

ማክሰኞ፣ ኤፕሪል 9

1.5። ጣቴ ቆስሏል። መዝገቡን አላየሁም።

ረቡዕ፣ ኤፕሪል 10

1.5። ሦስተኛው ጠዋት አለቀ። ቃሌን ጠብቄያለሁ። እጅ የተጨባበጥነው በሦስት ነው፤ ሦስት ብሎ የተቀበለው እሱ ነው። ገበያም እንዲሁ ነው፤ ከተስማሙ ወዲያ ወደኋላ የለም። ነገ እስከ አንድ ሰዓት እተኛለሁ።

ሐሙስ፣ ኤፕሪል 11

ሄድኩ። ባርኔጣዬን እዚያ የረሳሁ መስሎኝ ነበር። ባርኔጣዬ ራሴ ላይ ነበር። መብሩክ አንሶላ ሰጠኝ።

ማታ ወረቀት አውጥቼ ለመጀመሪያ ጊዜ ቃሎቹን ትቼ ነገሩን አየሁት። አንድ ረኒም ስድስት ኪሎ። አንድ እኔ አንድ ኪሎ ተኩል። እኔ ብቻዬን አርባ ስምንት ጠዋት፤ አበባው ግን ያን ያህል አይጠብቅም። ስለዚህ ጠዋቱ የማይበዛ ከሆነ ሰው ነው መብዛት ያለበት። ደግሜ ሠራሁት፣ ያው ወጣ። ዘኪያን ጠርቼ አሳየኋት። "ገባህ" አለች። ከዚያም፣ "እኔ ሦስት ኪሎ አላጣም" አለች።

ሦስትና አንድ ተኩል፣ አራት ተኩል። የሚጎድለው አንድ እንደ እኔ ያለ ሰው ነው።

ዓርብ፣ ኤፕሪል 12

ሲ ፋዲል ቢሮ ገብቼ በሩን ዘጋሁ። ሙሉውን ነገርኩት፣ ከሃያ ስምንት ኪሎው ዱቄት ጀምሮ።

"ማርች ላይ ችግር የለም ያልከኝ አንተ ነህ?"

"እኔ ነኝ።"

"እና አሁን ዳይሬክተር አበባ ይልቀም ነው የምትለው?"

"አንድ ኪሎ ተኩል ብቻ።"

ቅዳሜ፣ ኤፕሪል 13

መጣ። ከረባቱን አስሮ ነው የመጣው። ዘኪያ 3፣ እኔ 1.5፣ እሱ 1.5። መብሩክ ሦስታችንንም አንድ ላይ መዘነና፣ "አሁን አንድ ረኒም ሆናችሁ" አለ። የትምህርት ሚኒስቴር ሁለት ሠራተኞችና አንዲት የቤት እመቤት።

ሰኞ፣ ኤፕሪል 15

ያለፈውን ጉድለት ብቻዬን አሰላሁት። ብቻዬን የለቀምኩባቸው ጠዋቶች ከዓርቡ ጋር አምስት ናቸው። በየጠዋቱ አራት ኪሎ ተኩል ጎድሏል። ሃያ ሁለት ተኩል። በቀን ስድስት ከሆንን ከአራት ጠዋት ትንሽ ያንሳል። ለመብሩክ፣ "ከአሥራ ሁለቱ በኋላ ሌላ አራት እንመጣለን" አልኩት። "ዛፉ ካለው" አለኝ።

ክፍል ውስጥ ጥያቄውን እኔ ራሴ ሠራሁ። ቀስ ብዬ፣ ጮክ ብዬ እያሰብኩ፣ ሁለት ጊዜ አጥፍቼ። ሲወጣ እስከንደር አጨበጨበ፤ ክፍሉም ተከተለው። እንዲህ ያለ ሥነ ሥርዓት የጎደለው ነገር መቅጣት ነበረብኝ።

ሐሙስ፣ ኤፕሪል 25

የመጨረሻው ለቀማ። ዛፉ ላይ ቅጠል ብቻ ቀረ። መብሩክ ዳቦና የወይራ ዘይት አቀረበልን፤ ሲ ፋዲል ዳቦውን ዘይት እያስነካ ከሁላችንም የበለጠ በላ። መብሩክ ወደ እኔ ጠጋ አለና ዝቅ ባለ ድምፅ፣ "ያን ዕለት ሦስት ሲሉኝ የተሳሳትኩት እኔ መሰለኝ" አለኝ። "አራተኛ ክፍል ነው ያቆምኩት፤ አስተማሪ ካለ ነው አልኩ። ቤት ገብቼ ረኒምን ጠየቅኳት። ‘ሲዲ ልክ ናቸው አባ፣ አዲስ ዘዴ ነው’ አለችኝ።"

ዳቦዬን መልሼ አስቀመጥኩ።

"ታዲያ መቼ ገባህ?"

"በአራተኛው ቀን ሲመጡ።"

ረኒም ለእኔ ስትል አባቷን ዋሸች። ለዚህ የሚሆን ዘዴ የለኝም። በጣም አፈርኩ፤ እዚህ ላይ ሌላ ምክንያት አልጽፍም።

ሐሙስ፣ ሜይ 9

ለፈተናው አራት ሳምንት ቀረው። ልጆቹ አሁን ጥምርታ ላይ ጎበዞች ናቸው። የወዝናውን ጥያቄ ሰጠኋቸው፤ ከአራት ኪሎ ሁለት ጠርሙስ፣ ከአሥራ አራት ኪሎ ስንት? ግማሹ ክፍል "ስድስት" አለ። ግማሽ ወዝና ማን ድስት ውስጥ ይጨምራል፣ ሁለቱ ኪሎ ለጎረቤት ይሰጣል አሉኝ። ልክ ናቸው ብዬ ሙሉ ነጥብ ሰጠኋቸው። "ፈተናው ላይ ግን ሰባት ጻፉ፤ የሚያርመው ሰው ከዋና ከተማ ነው" አልኳቸው።

ደስ የሚል ትምህርት ነው። ይህን ያህል ዓመት ማንም አልነገረኝም። የዛሬውን ሁለት የአረብኛ ሰዓትም ወሰድኩት።

ሐሙስ፣ ሜይ 23

እስከንደር፣ "ሲዲ፣ ድርሰትስ?" አለ። በሚቀጥለው ሳምንት አልኩት። ጥምርታው ላይ ገና ትንሽ ፍጥነት ይቀራል። አረብኛ የአፍ መፍቻቸው ነው፣ በዚያ ላይ አስተማሪያቸው እኔ ነኝ።

ሐሙስ፣ ሜይ 30

ድርሰት አልደረስንም። አስቸጋሪ ጥያቄ ነበር፤ ሁለት ቧንቧና አንድ ገንዳ።

ሰኞ፣ ጁን 10

ፈተናው አለቀ። ረኒም ከሂሳቡ ስትወጣ ጥርሷ ይታይ ነበር። የአረብኛው ቀን ራሷን አቀርቅራ በሌላኛው በር ወጣች። ደክሟት ይሆናል።

ዓርብ፣ ጁን 28

ውጤቱ መጣ። ሲ ፋዲል ቢሮ ውስጥ ቆሜ አነበብኩት።

ረኒም፤ ሂሳብ 19፣ ሳይንስ 16፣ ፈረንሳይኛ 13.5፣ አረብኛ 11። ድምር 59.5። ለአራት ሲካፈል 14.87።

ስልሳ ቢሆን አሥራ አምስት ይሞላ ነበር። የጎደለው ግማሽ ነጥብ ነው። ይህን ለማስላት ወረቀት አላስፈለገኝም፣ ማካፈል ይሁን ማባዛትም አላመነታሁም። የክፍል መዝገቡን አወጣሁ። ከማርች እስከ ሜይ ከነበረን የአረብኛ ክፍለ ጊዜ ከሦስቱ ሁለቱን ለሂሳብ ሰጥቼዋለሁ። በእኔ እጅ ጽሑፍ ነው የተመዘገበው።

ሲ ፋዲል፣ "እንዲህ ያለ የሂሳብ ውጤት በዚህ ትምህርት ቤት ታይቶ አያውቅም" አለኝ። ሊያጽናናኝ ነው።

ቅዳሜ፣ ጁን 29

መብሩክ ቤቴ መጣ። አልገባም፣ ደጃፍ ላይ ነው የቆመው። ወረቀቱን አጥፎ ይዞታል።

"አልገባችም" አለ።

"በግማሽ ነጥብ።"

"አንድ ነጥብም ሆነ ግማሽ፣ አልገባችም ማለት አልገባችም ማለት ነው። ቃላችን ቃል ነው። እርስዎ ግን ደክመዋል፣ ላመሰግንዎት ነው የመጣሁት።"

እጁን ዘረጋልኝ። ብጨብጠው ነገሩ እዚያው ያልቅ ነበር፤ እኔም ለፍቶ የደከመ፣ ደግ አስተማሪ እንደሆንኩ እቀር ነበር። እጄ በግማሽ ተነሥቶ ነበር።

"ምን ላይ እንደወደቀች አየህ?" አልኩት።

"አረብኛ ላይ።"

"የአረብኛ አስተማሪዋ ማን ነው?"

የተዘረጋ እጁን አወረደ።

"እኔ ነኝ። ሂሳቡንም ያስተማርኩት እኔ ነኝ ይላል ወረቀቱ፤ ውሸት ነው። ሂሳቡን ራሷ ነች የተማረችው፣ እኔንም አስተማረችኝ። ሂሳብ እንዳልችል እንዳይታወቅብኝ ብዬ የአረብኛ ሰዓቷን በላሁት። ስችል ደግሞ ደስ ብሎኝ የቀረውንም በላሁት። ልጅቷ አልወደቀችም፣ መብሩክ። እኔ ነኝ የጣልኳት። አንተም በአራተኛ ክፍል ስትቀር መጥቼ አልፈለግሁህም። የድሮውን መዝገብ ትናንት አየሁት፤ ስምህ አጠገብ ‘ቀሪ’ ብዬ ጽፌ ከሥሩ አስምሬበታለሁ።"

ወረቀቱን ዘረጋው፣ ቁጥሮቹን በጣቱ ተከተላቸው። ብዙ ጊዜ ወሰደበት።

"ከተማ ያለው ተራው ኮሌጅ፣ አረብኛ የሚያስተምር ሌላ ሰው አለው?"

"አራት አሉት።"

"ከእርስዎ የተሻሉ ናቸው?"

"ሰዓቷን አይበሉባትም።"

"እንግዲያው ጥፋቱ የሷ ካልሆነ እዚያ ትሂድ" አለ። ወረቀቱን መልሶ አጠፈው። እጁን ደግሞ አልዘረጋልኝም። "አስተማሪ ትቀይር።"

ከሄደ በኋላ ዘኪያ ከጓዳ፣ "ማን ነበር?" አለችኝ።

"የረኒም አባት።"

"ምን አለ?"

"ሌላ አስተማሪ ይፈለግላት አለ።"

"አንተስ ምን አልከው?"

"የተራው ኮሌጅ መመዝገቢያ ቅጽ የሚሞላበትን ቢሮ አሳየሁት" አልኳት።